በአንድ ቃል የተነሣ

ይህ ጽሑፍ የሚጀምረው ከሣቅ ነው። የሣቅነው እኛ ነን፤ ኋላ ያፈርነውም እኛው ነን። ስለዚህ ማንንም ሳንወቅስ፣ ነገሩን እንደሆነው አድርገን ለጓደኞቻችን ለመጻፍ ተስማማን።

በትርጉም ትምህርት ላይ መምህራችን ለየቡድኑ አንዳንድ ገጽ የእንግሊዝኛ ጽሑፍ በዕጣ አደሉን። ለኛ የደረሰን ስለ ተራራ ስፖርቶች የሚያወራ ነበር። አራት ነን፤ በአንድ መኝታ ክፍል የምንኖር፣ ሳሙናና ካልሲ የምንዋዋስ፣ ገንዘብ ሲያልቅ አንድ ሻይ ለሁለት የምንጠጣ። ሥራውንም እንደ ሻዩ ተካፈልነው። ገጹ እንደፈራነው አልነበረም፤ ቶሎ ቶሎ ሄደልን። አንዲት ቃል ብቻ በእንጀራ ውስጥ እንዳለ አሸዋ ከጥርሳችን ጋር ተገናኘች። ፓራግላይዲንግ።

“እንዴ፣ ይኼ ምን ያከራክራል?” አለ ከመካከላችን ፈጣኑ። “‘በጃንጥላ ከገደል መዝለል’ በሉትና እንለፍ።” እኛም አልነውና አለፍን። መሽቶም ነበር።

በሳምንቱ ክፍል ውስጥ ሲነበብ፣ ከኋላ ወንበር አንዱ እጁን አወጣና፣ “ከገደል ከዘለለ ወዲያ ጃንጥላው ምን ያደርግለታል? ዝናብ ፈርቶ ነው?” ብሎ ጠየቀ። ክፍሉ በሣቅ ተሞላ። መምህሩም ሣቁ፤ ያነበብነው እኛም ሣቅን። ሌላው ተቀበለና፣ “ገደል ግባ የሚባለው ስድብ ለካ ስፖርት ኖሯል!” አለ። ያን ጊዜማ ጠረጴዛ የሚደበድብም ነበር።

ከአራታችን አንዱ አልሣቀም። ደብተሩን አጠፈና ቀስ ብሎ ወጣ። ስልክ የተደወለለት መስሎን ነበር።

ማታ መኝታ ክፍላችን ስንገባ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ተኝቷል። አንዱ እንደ ልማዳችን ሊቀልድ ከጀመረ በኋላ ዝም አለ። ጥቂት ቆይቶ ጓደኛችን ራሱ ተናገረ። አገሩ ከደብረ ሲና በላይ፣ ከጣርማ በር አጠገብ ነው። ያን መንገድ የሄደበት ሰው ያውቀዋል፤ ደጋው ድንገት ያልቅና የይፋት ቆላ ከእግር ሥር ይዘረጋል። ቤታቸው ከገደሉ አፋፍ ሩቅ አይደለም። እሱ የ8 ዓመት ልጅ ሳለ ታላቅ ወንድሙ ከመንጋው የተለየች ፍየል ሊመልስ ወረደ። ማታ ፍየሏ ብቻዋን ተመለሰች።

“በኛ አገር ሰው ከገደል ወደቀ አይባልም” አለን። “ገደል ገባ ነው የሚባለው። ቤት እንደሚገባ ሰው። እማዬ ሦስት ቀን አፋፉ ላይ ቆማ ስሙን ስትጠራ የገደል ማሚቶው ስሙን ይመልስላት ነበር። እናንተ ፈተና ሲበላሽባችሁ ገደል ገባ ትላላችሁ፤ እኔም ከናንተ ጋር እላለሁ። አልቀየምኩም። ግን ዛሬ ከገደል መዝለል ሲባልና ሲሣቅ … ብቻ ተዉት።”

እኛ ግን ልንተወው አልቻልንም። ይቅርታ ማለቱ አንድ ነገር ነው፤ ተባባልንም። ግን ቃሉን የጻፍነው ነገሩን ሳናውቅ መሆኑ ነበር የከነከነን። ከአራታችን አንድም ሰው ያ ስፖርት እንዴት እንደሚሠራ አንዲት መስመር አላነበበም። ጃንጥላ አየን፣ ተራራ አየን፣ በቃ ዝለል አልነው። ሰው በማያውቀው ነገር ላይ ቃል ሲያወጣ የሚያወጣው የራሱን ፍርሃት ነው። በማግሥቱ ቤተ መጻሕፍት ገባን።

የመጀመሪያው ግርምታችን የቃሉ አጀማመር ነው። ፓራሹት የሚለውን ቃል የፈጠረው ሉዊ ሴባስቲያን ሌኖርማን የሚባል ፈረንሣዊ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1783 በሞንፔሊዬ ከተማ ከፍ ካለ ሕንፃ ላይ ሥራውን ለሕዝብ አሳይቷል። “ፓራ” መከላከልን ያመለክታል፤ “ሹት” በፈረንሣይኛ መውደቅ ማለት ነው። ፓራሹት እንግዲህ “ከመውደቅ የሚከላከል” ነው። በዚሁ መንገድ የዝናብ ጃንጥላቸውን “ከዝናብ የሚከላከል”፣ የፀሐዩን ደግሞ “ከፀሐይ የሚከላከል” ይሉታል። ጀርመኖችም ለዝናቡም ለመውደቁም መከለያ የሚል አንድ ቃል አላቸው። እኛም ያለ ማንም ምክር እዚያው ደርሰናል፤ ለዝናቡም፣ ለፀሐዩም፣ ከአውሮፕላን ለሚዘለው ወታደርም ጃንጥላ እንላለን። ያውም የኛው ማዕርግ አለው፤ “ጃን” ያው የጃንሆይና የጃንሜዳው ጃን ነው፣ የንጉሥ ጥላ እንደማለት።

ፓራግላይዲንግ የሚለው ቃል የተሠራው ከዚህ ከፓራሹት ላይ ፊቱን ቆርጦ፣ ከኋላው በአየር ላይ በዝግታ ወደ ፊት መንሸራተትን የሚያመለክተውን የእንግሊዝኛ ቃል በመቀጠል ነው። ፈረንሣዮች ግን ፓራፓንት ይሉታል፤ “ፓንት” ቁልቁለት ነው። ጣሊያኖችም እንዲሁ ቁልቁለቱን ይዘዋል። ጀርመኖች ደግሞ “ተንሸራታች ጃንጥላ” የሚል ትርጉም ባለው ቃል ይጠሩታል። አንዱ የቆመበትን መሬት አየ፣ ሌላው በእጁ የያዘውን ጨርቅ አየ፣ ሌላው አካሄዱን አየ። አንዱ ነገር ሦስት ስም ያገኘው አይኑን ያሳረፈበት ቦታ ስለተለያየ ነው።

ከኛ መካከል ፈረንሣይኛ የሚያጠናው ልጅ ድንገት እርሳሱን ጣለና፣ “አያችሁት? በሁሉም ውስጥ የተቆረጠው አንድ ነገር ነው!” አለ። እውነቱን ነው። ከፓራሹት “ፓራ” ቀረ፤ የጠፋው “ሹት” ነው። የጠፋው መውደቅ ነው። እኛ ግን በአማርኛ ስናመጣው መጀመሪያ የጨመርንበት እሱን ነበር።

ቃሉ ደግሞ ከዕቃው የቀደመ ነው። የአሜሪካው የጠፈር ድርጅት ናሳ እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ መጀመሪያ ጀሚኒ የተባለችውን መንኰራኵር ባሕር ላይ ከመጣል ይልቅ በየብስ ላይ ለማሳረፍ አስቦ፣ ፍራንሲስ ሮጋሎ ባጠናው ተጣጣፊ ክንፍ ላይ ይሠራ ነበር። ያን ክንፍ ፓራግላይደር ይሉት ነበር። ሙከራው አልሰመረም፤ በ1964 ተተወ፤ ጀሚኒዎችም በተለመደው ፓራሹት ባሕር ላይ ወረዱ። ቃሉ ግን ባለቤት ፍለጋ ቆየ።

ባለቤቱ የመጣው በሌላ በኩል ነው። በዚያው በ1964 ካይት ሠሪ የነበረው ዶሚና ጃልበርት፣ ጨርቁ በብዙ ኪሶች የተከፋፈለ፣ የኪሶቹ አፍ ከፊት የተከፈተ አዲስ ዓይነት ክንፍ ሠራ። ነፋስ በፊት በኩል ሲገባ ኪሶቹ ይነፋሉ፤ ጨርቁ ያለ አንዲት እንጨት ወይም ብረት ክንፍ ይሆናል። በ1965 ደግሞ ዴቪድ ባሪሽ የተባለ አሜሪካዊ በሠራው የጨርቅ ክንፍ ከተራራ ቁልቁለት ላይ ተነሣ፤ ብዙ ሰው ግን ልብ አላለውም። ከ13 ዓመት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1978፣ ዣን ክሎድ ቤተም፣ አንድሬ ቦንና ዤራር ቦሶን የተባሉ ሦስት ፈረንሣውያን የፓራሹት ዘላዮች በአልፕስ ተራሮች ሚዩሲ ከምትባል መንደር በላይ ካለ ቁልቁለት ላይ በፓራሹታቸው ሮጠው ተነሡ። ምክንያታቸው የኛኑ ይመስላል፤ ለአውሮፕላን የሚከፈለውን ገንዘብ ለመቆጠብ። ከዚያ በኋላ ነገሩ ራሱን የቻለ ስፖርት ሆነ። በ1989 በኦስትሪያ፣ ኮሰን በተባለ ስፍራ የመጀመሪያው የዓለም ሻምፒዮና ተደረገ። ዛሬ በአንድ በረራ ከ500 ኪሎ ሜትር በላይ የተጓዙ አሉ።

በአጠቃቀምም ረገድ ቃሉ ወሰን አለው። ከአውሮፕላን ዘልሎ በፓራሹት መውረድ ፓራግላይዲንግ አይደለም። በብረት ማገር በተወጠረ፣ ሦስት ማዕዘን በሚመስል ክንፍ ሥር በሆድ ተንጠልጥሎ መብረርም ሌላ ነው፤ ስሙ ሃንግ ግላይዲንግ ነው። በጀልባ እየተጎተቱ በባሕር ላይ ከፍ ማለትም ሌላ ነው፤ ገመዱ ከጀልባው ጋር ነውና። በጀርባ ሞተር ታዝሎ ሲበረርም ስሙ ይለወጣል፤ ፓራሞተር ይሆናል። ፓራግላይዲንግ ሞተር የለው፣ ማገር የለው፣ ጎታች የለው፤ ጨርቅ፣ ቀጫጭን ገመዶች፣ መቀመጫ፣ ሰውና ነፋስ ብቻ ነው። ሁሉም ተጠቅልሎ ጀርባ ላይ ይታዘላል።

አነሣሡን ስናነብ ግን ሦስታችንም ዝም አልን። ሰውየው አይዘልም። ለካ አይዘልም! ጨርቁን ከኋላው ቁልቁለቱ ላይ ይዘረጋዋል። ነፋሱ ከፊት፣ ከታች ወደ ላይ የሚመጣ መሆኑን ያረጋግጣል። ከዚያ ገመዱን ሲስብ ክንፉ ተነፍቶ ከራሱ በላይ ይቆማል። ሰውየው ቀና ብሎ ያየዋል፤ ከተጣመመ ወይም ከተጠላለፈ እዚያው መሬት ላይ ሳለ ይተወዋል። ደኅና ከሆነ ብቻ ጥቂት እርምጃ ይሮጣል፤ እግሩ ከመሬት ይለቃል። ፓራሹት መጀመሪያ ይወደቃል፣ ኋላ ይከፈታል። እዚህ ግን መጀመሪያ ይከፈታል፤ ሰውየው መሬቱን የሚለቀው ክንፍ ካለው በኋላ ነው። አንድ ሜትር በወረደ ቁጥር 8 እና 9 ሜትር፣ ከዚያም በላይ ወደ ፊት ይሄዳል። ወደ ላይ የሚወጣ አየር ካገኘ ደግሞ ጭራሽ ከተነሣበት በላይ ከፍ ይላል።

ይህን ይዘን ወደ ጓደኛችን ሄድን። አልጋው ላይ ቁጭ ብሎ አዳመጠን። አንዲት ጥያቄ ብቻ ጠየቀ፦

“ነፋሱ ከታች ነው የሚመጣው አላችሁ?”

“አዎ፣ ከቁልቁለቱ ሥር።”

“የቆላው ነፋስ ነዋ!” አለ። ድምፁ ተለወጠ። “ጠዋት አሞራዎቹ አለቱ ላይ ተኮልኩለው ቁጭ ይላሉ። አይበሩም። እረኛ ሆነን ድንጋይ ብንወረውር እንኳ ትንሽ ፈቀቅ ብለው ይቀመጣሉ። አራት ሰዓት ገደማ ፀሐይ ሞቅ ሲያደርግ ከቆላ ነፋስ ይነሣል፤ ፊትህን ይመታሃል። ያን ጊዜ ክንፋቸውን መክፈት ብቻ ነው። ሳያርገበግቡ እየዞሩ እየዞሩ ይወጣሉ። ወንድሜ ‘ነፋሱ ደጁን ሲከፍትላቸው ነው’ ይለኝ ነበር።”

ስለ ወንድሙ ሞት እንጂ ስለ ወንድሙ ሲያወራ ስንሰማ የመጀመሪያችን ነበር።

ከዚያ በኋላ የተነሣው የቃል ክርክር እስከ ሌሊቱ ስድስት ሰዓት ዘለቀ። ፈጣኑ ልጅ፣ “የጀርመኖቹን እንውሰድ፣ ተንሸራታች ጃንጥላ” አለ። አልተስማማንም። በአማርኛ የሚንሸራተት ሰው ጭቃ ያዳለጠው ነው፤ መጨረሻውም ያው መውደቅ ነው። ጃንጥላውም ቢሆን ያሳስታል፤ ክንፉ በሚናወጥ አየር ሊታጠፍ ስለሚችል በራሪዎቹ ለክፉ ቀን የሚሆን ትክክለኛ ጃንጥላ ለብቻው ይይዛሉ። ክንፉንም ጃንጥላ ካልነው ያኛውን ምን ልንለው ነው? ሁለተኛው፣ “መንሳፈፍ” አለ። የሚንሳፈፍ ግን ቅጠል ነው፣ ውኃው ወደ ወሰደው ይሄዳል፤ ይህ ሰው ግን በሁለት እጁ ገመድ ይዞ ግራና ቀኝ ይመራል። ሦስተኛው “መቅዘፍ” አለ። የሚቀዝፍ ግን ክንዱን ያደክማል፤ ይህ ክንፍ አይርገበገብም። ጓደኛችን፣ “ለምን እማዬን አንጠይቅም?” አለ።

በማግሥቱ እሑድ ነበር፤ ደወልን፤ ድምፁን ለሁላችን ከፈተው።

“እማማ፣ እንደምን ዋሉ?”

“እግዜር ይመስገን ልጆቼ፣ እናንተ እንደምን ናችሁ? ትበላላችሁ?”

እንበላለን አልናቸው። ልጃቸው ነገሩን ማስረዳት ጀመረ። ገደል የሚለውን ቃል ሳይጠራ፣ አፋፍ እያለ፣ ጨርቁን፣ ገመዱን፣ ከቆላ የሚመጣውን ነፋስ ነገራቸው። እሳቸው ሳያቋርጡ ሰሙና፣ “ምን አጥቶ ነው ይኼን የሚያደርገው?” አሉ። ደንገጥ ብለን ሣቅን፤ ልጃቸውም ሣቀ። “ምንም አላጣም እማዬ፣ ደስ ስለሚለው ነው።”

“እንግዲያማ ይኼ ማንዣበብ ነው። አሞራው እንደሚያደርገው።”

ቃሉ ደስ አለን፤ ግን ወዲያው አንዳችን ጥርጣሬ አነሣ። “እማማ፣ ሰው አደጋ አንዣበበበት፣ ሞት አንዣበበበት ይላል። መጥፎ ነገር አይሆንብንም?”

“አሞራው ምን በደለ?” አሉ። “እሱ የሚያንዣብበው ነፋስ ስላገኘ ነው። ከታች ሆኖ የሚያየው ሰው ነው የሚፈራው።” ትንሽ ዝም አሉ። ከበስተኋላቸው ዶሮ ይጮኻል። ከዚያም፣ “ሰውየውስ ይመለሳል?” ብለው ጠየቁ።

ማናችንም ቶሎ አልመለስንም። አይሞትበትም ብሎ መዋሸት አልፈለግንም፤ የሚሞቱበት አሉ። በመጨረሻ ልጃቸው፣ “ብዙውን ጊዜ ይመለሳል እማዬ። ታች ሜዳው ላይ በእግሩ ይቆማል” አላቸው።

“እንዲያ ከሆነ መመለሱንም ጻፉበት” አሉ።

እንደተባልነው አደረግን። የታረመውን ትርጉም ስናስረክብ ስሙን ፓራግላይዲንግ ብለን እንዳለ ተውነው፤ አገሩ ይታወቅ ብለን። አጠገቡ ግን “በጨርቅ ክንፍ ማንዣበብ” አልን፤ ከሥሩም እንዲህ ጻፍን፦ “ሰው ክንፉን በአፋፍ ላይ ዘርግቶ፣ ከታች በሚመጣ ነፋስ ካነሣው በኋላ ጥቂት ሮጦ የሚነሣበት፣ እንደ አሞራ ሲያንዣብብ ቆይቶም በእግሩ የሚያርፍበት ስፖርት።” መምህራችን አነበቡና፣ “ትርጉም ስላችሁ ትርጓሜ ጻፋችሁ፤ አንድ ቃል በአንድ ዓረፍተ ነገር አይተረጐምም” ብለው ሁለት ነጥብ ቀነሱብን። እውነታቸውን ነው፤ አልተከራከርንም። “መዝለል”ን ለምን እንዳወጣን ሲጠይቁን ግን ጓደኛችን ራሱ ተነሥቶ መለሰ፦ “ስለማይዘሉ ነው” አለ። ማንም አልሣቀም።

ከዚያ ወዲህ ክፍላችን ውስጥ “ገደል ግባ” ማለት ቀርቷል ብንል ውሸት ይሆንብናል። ትናንትና ማታ እንኳ ፈጣኑ ልጅ ካልሲው ጠፍቶበት “ገደል …” ብሎ ጀመረና ቆመ። ቀሪውን ጓደኛችን ጨረሰለት፦ “… አፋፍ ላይ ይሆናል፣ ሄደህ ፈልገው።” እሱ ሲሣቅ እኛም ሣቅን።

ውድ አንባቢ፣ ለፓራግላይዲንግ የተሻለ ቃል ካለህ፣ ካለሽ፣ ጽፋችሁ ላኩልን። ረዥም ቢሆን ግድ የለም። በውስጡ መውደቅ አይኑርበት፤ መመለስ ግን ይኑርበት።